ቀርቶበት የማያውቀው ቀጠሮ

ውድ እማማ፣

እንደምን ከረሙልኝ? ወገብዎስ ቀለል አለልዎ? እግርዎ አሁንም ሌሊቱን እየቀዘቀዘ ያስቸግርዎታል? የምግብ ፍላጎትዎ ተመልሶ ከሆነ ደስታዬን አልችለውም፤ ካልተመለሰም እንቅጩን ይጻፉልኝ እንጂ "ደህና ነኝ፣ ስለ እኔ አታስቢ" የምትለዋን አይላኩልኝ። እሷን እኔም ለሰው ስለምላት አውቃታለሁ። እኔ በጣም ደህና ነኝ። ትምህርት ቤት ሊከፈት ስለሆነ ስፌት ቤቱ በደንብ ልብስ ተጨናንቋል፤ ይሄን ደብዳቤ እንኳ የምጽፈው በሰማያዊ ቀሚስ ክምር መሃል ተቀምጬ ነው።

ከሁሉ አስቀድሞ የሚያሳርፍዎትን ልንገርዎ፤ ልጅዎ ደህና ነው። አሁን እኔው ቤት፣ ወዲያኛው ክፍል፣ ፍሪጄን ፈታትቶ ብሎኑን መሬት ለመሬት ዘርግቶታል። በትዳራችን ዘመን ሙሉ "ነገ እሠራዋለሁ" ሲለኝ የኖረው ፍሪጅ ነው። የሰው ፍሪጅ ሲያቀዘቅዝ የሚውል ሰው የራሱ ቤት ወተት በየቀኑ ሲበላሽ ግድ አልነበረውም። "ደግሞ ምን ሊያደርግ አንቺ ቤት ገባ?" እንደሚሉ አውቃለሁ። ይታገሱኝ፣ ወደዚያው ነኝ።

በስልክ ያልነገርኩዎ ስልክዎን ቀድማ የምታነሳው ጎረቤትዎ ስለሆነች ነው። ደግ ሰው ናት፣ ክፉ አይወጣኝም፤ ግን የሰማችውን ለሰፈሩ ለማዳረስ ማይክራፎን አያስፈልጋትም። ደግሞም ድምፄ ያጋልጠኛል። ስለዚህ መነጽርዎን ያድርጉ፣ በርዎን ይዝጉና ራስዎ ያንብቡት። ዕድሜ ልክዎን የሰው ልጅ ማንበብ ያስተማሩ ሰው ለአንድ ደብዳቤ አንባቢ አይፈልጉም።

ያን እሁድ፣ በየወሩ መምጫው ቀን፣ ሳይመጣ ሲቀር ደውዬ የነገርኩዎት የሆቴሉ ነገር ሁሉ፣ ትልቁ ማቀዝቀዣ ተበላሽቶ፣ ሥጋው ሊሸት ደርሶ፣ ሥራ አስኪያጁ እያለቀሰ "አትሄድብኝም" ብሎ እግሩ ላይ እንደወደቀ፣ ያ ሁሉ ድርሰት የእሱ ነው። እኔ አነበብኩልዎ እንጂ አልፈጠርኩትም። በእሱ አፍ ሲነገረኝማ የሥራ አስኪያጁ ሚስት ሳትቀር ምጥ ላይ ነበረች፤ እሷን በዛችብኝና ቆርጬ ጣልኳት።

እውነቱ እንዲህ ነው። ያን ዕለት ጠዋት ወደ እርስዎ ሊመጣ አውቶቡስ መናኸሪያ ሲደርስ ፖሊሶች በር ላይ ቆመው የሰዉን ሻንጣ እያስከፈቱ ይፈትሹ ነበር። የእሱም ተከፈተ። ብርቱካን፣ ለራዲዮዎ ባትሪ፣ የሚወዱት ሳሙና፣ እና እኔ በኪሮሽ የሠራሁልዎት አዲሱ የሱፍ ካልሲ። ካልሲው ውስጥ ኪኒን ተገኘ። አንድ ሙሉ እሽግ፣ ያለ ሐኪም ማዘዣ። እዚያው ካቴና አስገብተው ጣቢያ ወሰዱት፤ የተጠረጠረበትም ነገር አደንዛዥ መድኃኒት ይዞ መገኘት ተባለ።

ወሬውን ያመጣልኝ አብሮት የሚሠራው በያጅ ነው። "ከተለያየን ወዲህ የእሱ ጉዳይ ለእኔ ለምን ይነገራል?" ብዬ ልቆጣ አፌን ከፍቼ ነበር። መቆጣቱን መንገድ ላይ ሳልጨርስ አልቀርም፤ ጣቢያው በር ላይ ስደርስ ዘበኛው "እሱን ምን ልታደርጊበት ነው?" ሲለኝ ነው የጨርቅ መቀሴን እንደያዝኩ መውጣቴን ያወቅኩት።

በሽቦው መሃል ሲያየኝ መጀመሪያ ያለኝ "እማዬ እንዳትሰማ" ነው። ቀጥሎ የሆቴሉን ታሪክ አስጠናኝ። ኪኒኑን ለማን እንደያዘው አልጠየቅኩትም፤ የካልሲውን ልክ የወሰድኩት እኔ ስለሆንኩ መጠየቅ አላስፈለገኝም። እሱም እንደገባኝ ገባውና "ለማንም እንዳትናገሪ፤ ችሎቱ ለሁሉም ክፍት ነው፣ ከእሷ ሰፈር የመጣ ሰው አይጠፋም፣ በማግስቱ ጆሮዋ ይገባል" አለኝ። "ታዲያ የማን ነው ልትል ነው?" አልኩት። "የኔ" አለኝ። "የአንተ ነው ካልክማ ሱሰኛ ወይ ነጋዴ ነው የሚያደርጉህ" ብለው "ያድርጉኝ" ብሎ ዝም አለ።

እማማ፣ የገረመኝ ዝምታው ነው። እኔና እርስዎ በሌለበት "አባ ተረት" የምንለው ሰው መቼ ዝም ብሎ ያውቃል? ለእራት ሲያረፍድ "ሥራ በዛብኝ" ብሎ አይገላገልም። አንድ ሽማግሌ ባርኔጣቸውን ነፋስ ወስዶባቸው፣ ባርኔጣው ጣሪያ ላይ አርፎ፣ እሱ መሰላል ፍለጋ ሄዶ፣ የመሰላሉ ባለቤት የክፍል ጓደኛው ሆኖ ተገኝቶ፣ በስንት ዘመናቸው ተገናኝተው! ወጡ ቀዝቅዞ እኔ አፌን ከፍቼ አዳምጠው ነበር። ውሸቱ ማንንም አልጎዳ፣ ከሌላ ሴትም አላዋለው። ግን ሰው "የት ነበርክ?" ሲል አንዳንዴ የት እንደነበረ ማወቅ ያምረዋል። የተለያየነው በዚሁ ነው፤ ሰለቸኝ እንጂ አልጠላሁትም፣ እርስዎም ያውቃሉ።

ችሎቱ ጠባብ አዳራሽ ነው። አግዳሚው ላይ ሰው በሰው ላይ ተደራርቧል፤ የመስኮቱ መዝጊያ ወልቆ በሽቦ ታስሯል፤ ጣሪያው ላይ አንድ ክንፉ የጎደለ ማራገቢያ እየተንገዳገደ ሲዞር ከሥሩ የተቀመጠ ሁሉ አሥር ጊዜ ቀና ይላል። ዳኛዋ ስትገባ ቅር አለኝ። ልጅ እግር ናት፤ በዕድሜ ከእኔ ብታንስ እንጂ አትበልጥም። ካባዋ ትከሻው ላይ ሰፍቶባታል፤ እኔ ጋ ብትመጣ አንድ ቀን በማይሞላ አስተካክልላት ነበር። እዚያው ፊቷ ቆሜ "እርስዎ" ነው ያልኳት፤ ለእርስዎ ስጽፍ ግን "እሷ" ማለቴን እንደ ድፍረት አይቁጠሩብኝ። ከዚያን ቀን ወዲህ እህቴ እህቴ ትመስለኛለች።

መንግሥት ያቆመለት ጠበቃ ክራቫቱ የዞረበት፣ ፋይል በብብቱ ሸጉጦ ከክፍል ክፍል የሚሮጥ ሰው ነው። ከመግባታችን በፊት ጎኔን ነካ አድርጎ "ይቺ ዳኛ ተጠርጣሪውን ትታ ዋሱን ነው የምትመረምረው፤ ተዘጋጂ" አለኝ። "በምን ልዘጋጅ?" ስለው "እሱን ማወቅ ነው እንጂ ሌላ ዝግጅት የለውም" ብሎኝ ወደሌላ ደንበኛው ሮጠ።

ያለው እውነት መሆኑን ከእኛ በፊት በቀረበው ሰው አየሁት። ሙሉ ልብስ የለበሰ፣ ጫማው የሚያብረቀርቅ ሰው ነው፤ መኪናው ውስጥ ዱቄት ተገኝቶበታል። ዋስ ሊሆኑት የመጡት ሰዎች የፊተኛውን አግዳሚ ሞልተውታል፤ ሁሉም ባለ ንብረት፣ ሁሉም ሽቶ ሽቶ የሚሉ። ዳኛዋ አንድ በአንድ እያስነሳች አንድ ጥያቄ ብቻ ጠየቀቻቸው፤ "ይህ ሰው ነገ ቢጠፋብዎ የት ሄደው ይፈልጉታል?" አንደኛው ስለ ሕንጻው አወራ። ሌላው ስለ ራሱ መልካም ስም። ሦስተኛው ጠበቃውን ዞሮ አየ። ዳኛዋ ድምፅዋን ከፍ ሳታደርግ "ያላችሁን ነገራችሁኝ፤ እሱን የሚያውቀው ግን አላገኘሁም" አለች። ሰውየው ከዚህ በፊትም በሌላ ጉዳይ ተጠርቶ ሳይመጣ የቀረበት ቀን ነበርና ዋስትናውን ከለከለችው። በነዚያ በባለ ሕንጻ ዋሶች ላይ የጠነከረች ለእኔ ለልብስ ሰፊዋ ትራራለች ብዬ አላሰብኩም።

ከዚያ የእኛ ተጠራ። ልጅዎ ገባ። ሸሚዙ የዚያኑ ቀን የለበሰው ነው፤ አንገትጌው ጠቁሯል፤ ፂሙ ያለ ወጉ አድጎ የአባቱን ፎቶግራፍ መስሏል። ሲያየኝ ዓይኑን ሰበረ።

ዐቃቤ ሕጉ ተነሳ። ክፉ ሰው አይደለም፤ ቆፍጠን ያለ፣ ሥራውን የሚያውቅ ሰው ነው። የተያዘው ለአንድ ሰው ከሚበቃው በላይ ነው አለ። ደብቆታል አለ። ከከተማ ሊወጣ ሲል ነው የተያዘው፤ ለማን እንደሚያደርሰው ተጠይቆ አልናገርም ብሏል፤ ስለዚህ የሚሸፋፍነው ተባባሪ አለ፤ ቢለቀቅ ተባባሪውን ያስጠነቅቃል ወይም ራሱ ይጠፋል አለ። እውነቴን ነው የምልዎ፣ ሰውየውን ባላውቀው እኔም አምነው ነበር። ቀጥሎም ስለ ኪኒኑ ተናገረ። ሌላ ማስታገሻ አልሠራ ላላቸው ጽኑ ሕሙማን ብቻ፣ በልዩ ማዘዣ የሚሰጥ መድኃኒት ነው፤ ጎዳና ላይ ግን ለሱሰኛ ይቸበቸባል አለ።

እማማ፣ እዚህ ላይ ስደርስ ብዕሬን አስቀምጬ ውሃ ጠጥቼ ተመለስኩ። ይሄን ዓረፍተ ነገር ልዝለለው ብዬ ነበር። ልጅዎ እንዳልነግርዎ አስምሎኛል። አልነገርኩም፤ ዐቃቤ ሕጉ በአደባባይ ያለውን ብቻ ነው የጻፍኩት። አንድ ሙሉ አዳራሽ የሰማውን ከእርስዎ መደበቅ ደግሞ አልሆነልኝም።

ዳኛዋ ወደ ልጅዎ ዞረች። ታማሚ እንደሆነ ጠየቀችው፤ አይደለሁም አለ። እንደሚጠቀመው ጠየቀችው፤ አልጠቀምም አለ። ሊሸጠው እንደሆነ ጠየቀችው፤ አይደለም አለ። "ታዲያ የማን ነው?" አለችው። "የኔ" አለ። "ለማን ልታደርሰው ነበር?" አለችው። መሬት መሬቱን አየ። ጠበቃው ከጎኑ ሆኖ በዓይኑ ለመነው፣ ክርኑን ጎተተው፤ ወይ ፍንክች። እኔ አግዳሚው ላይ ሆኜ ከንፈሬን ነክሻለሁ። ተነስቼ አንዲት ቃል ብናገር ነገሩ ያልቅ ነበር፤ ቃሏ ግን የእኔ አይደለችም።

ዳኛዋ አልተቆጣችውም። ኤግዚቢቱ ይምጣልኝ አለች። ኪኒኑን አየችና ወደ ጎን አደረገችው፤ ካልሲውን ግን ብድግ አድርጋ መዳፏ ላይ ዘረጋችው። የልጅዎ እግር ታንኳ እንደሆነ ያውቃሉ። ካልሲው ደግሞ እንኳን እግሩ አውራ ጣቱም በወጉ አይገባበት። ገልብጣ ውስጡን አየች። እኔ የጣቱ በኩል ስፌት እንዳይኖረው፣ አንገቱም ያበጠ እግር እንዳይቆርጥ ክሩን አላልቼ ነው የሠራሁት። ዳኛዋ አውራ ጣቷን በላላው አንገት ውስጥ አስገብታ ቀስ ብላ ለጠጠችው፤ ሲመለስ አየችው፤ ደግሞ ለጠጠችው። በሕይወቴ ብዙ ሰው ሥራዬን ገልብጦ አይቶታል፤ ይሄ አላማረኝም ለማለት ነው። እንደዚያ ያየልኝ ግን የለም።

"ዋስ ማን ነው?" ስትል ተነሳሁ። ዐቃቤ ሕጉ ወዲያው ተቃወመ፤ ይህቺ የቀድሞ ሚስቱ ናት፣ ፈትታዋለች፣ እንዴት ተብሎ ለእሱ ታማኝ ዋስ ትሆናለች አለ። ዳኛዋ "ፈትታውም ዋስ ልትሆነው ከመጣች እሷን ነው መስማት የምፈልገው" አለች። አንዳንዱ ሰው ሳቅ አለ። እኔ ቀረብ ብዬ ማልኩ።

መጀመሪያ የጠየቀችኝ "ሲዋሽ በምን ያውቁታል?" የሚል ነው። እማማ፣ ፍርድ ቤት ውስጥ እንዲህ ያለ ጥያቄ ይጠየቃል? ከየት አመጣችው እያልኩ አፌ ግን ቀድሞኝ ሄደ። ሲዋሽ ወሬው አያልቅም አልኳት። የባርኔጣውን ነገር ነገርኳት፤ መሰላሉን፣ የክፍል ጓደኛውን፣ ሁሉንም። አዳራሹ ሳቀ፤ ዘብ የቆመው ፖሊስ ሳይቀር አፉን በእጁ ሸፈነ። ልጅዎም ካቴናው ውስጥ ሆኖ ሊስቅ ምንም አልቀረው። "ዛሬ ግን አንዲት ቃል ብቻ ነው የተናገረው፤ እንዲህ ሆኖ አይቼው አላውቅም" አልኳት። ዐቃቤ ሕጉ ብድግ ብሎ "ስለዚህ ‘የኔ ነው' ያለው እውነት ነው ማለት ነው?" አለኝ። ወጥመዱን አየሁት። ምን እንደምመልስ ጨንቆኝ ስንተባተብ ዳኛዋ እጇን አነሳች። "ጥፋተኛ መሆን አለመሆኑን የምንሰማበት ሌላ ቀን አለን። የዛሬው ጥያቄ ሲጠራ ይመጣል ወይስ አይመጣም ነው" አለችው። ተቀመጠ።

"ቀጠሮ ያከብራል?" አለችኝ። ምያለሁ፣ ምን ላድርግ? "አያከብርም" አልኳት። የራሱ ሠርግ ላይ እንኳ ዘግይቶ እንደመጣ፣ ሙሽራዋ ቀድማ ደርሳ በር ላይ እንደጠበቀችው ተናገርኩ። ጠበቃው ፊቱን በፋይሉ ሸፈነ። "ግን አንድ ቀጠሮ አለው" አልኩ፤ "ከእሱ ቀርቶ አያውቅም። በዝናብም በሕመምም። እኔ ታምሜ አልጋ ላይ ሆኜ እንኳ ትቶኝ ሄዷል፤ ያኔ ተቀይሜዋለሁ። አሁን ብቻ ነው የቀረው፣ እሱም ስለተያዘ ነው።" "ቀጠሮው የት ነው?" አለችኝ። እኔም እንደ እሱ መሬት መሬቱን አየሁ።

ዳኛዋ ካልሲውን አሁንም በእጇ እንደያዘች ነበር። ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ "የሚቀጥለው የችሎት ቀን ሩቅ ነው። እስከዚያ ውስጥ ቢቆይ፣ ያ ቀጠሮ ይጠብቀዋል?" አለችኝ።

"አላውቅም" ማለት ነበረብኝ። እውነትን ልናገር ምዬ "አላውቅም" ማለት አልቻልኩም፤ "አይጠብቀውም" ማለትም አንደበቴ እምቢ አለኝ። እንባዬ መጣ። ዳኛዋ አልጎተጎተችኝም። መልሴን ያገኘች ያህል አንገቷን ዝቅ አድርጋ ጻፈች፤ ለረጅም ጊዜ ጻፈች። ከዚያ ቀና ብላ "ቢለቀቅ የት ይኖራል?" አለችኝ። "እኔ ቤት" አልኳት። ከአፌ ወጥቶ ስሰማው ራሴ ደነገጥኩ። ልጅዎማ ከእኔ ብሶ ዓይኑን አፈጠጠ።

ውሳኔዋን ስታነብ ቆመን ሰማን። ተጠርጣሪው ከዚህ በፊት ወንጀል የለበትም፤ የታወቀ ሥራ አለው፤ ዋሷ ጉድለቱን ሳትደብቅ የተናገረች ስለሆነች ፍርድ ቤቱ ያምናታል አለች። ጉድለቱን መናገሬ ነው እኮ የጠቀመን! በሰው ዋስ ይለቀቅ፤ በዋሷ ቤት ይኑር፤ በየሳምንቱ ጣቢያ ቀርቦ ይፈርም፤ ከከተማው አይውጣ አለች። ቢጠፋ የስፌት መኪናዎቼን ይዘው ይሄዳሉ፤ ይሄን ሰምቶ ይመስለኛል የማይጠፋው። ዐቃቤ ሕጉ አንገቱን ነቀነቀ። እኔ ግን "ከከተማው አይውጣ" የምትለዋን ስሰማ ደስታዬ እዚያው ከሰመ። ታዲያ ምን ዋጋ አለው አልኩ በልቤ።

ጸሐፊው ጽፎ ሲጨርስ ዳኛዋ "ቆይ፣ አንድ ነገር ጨምር" አለችው። "ከከተማው አይውጣ፤ እናቱን ለመጠየቅ ካልሆነ በቀር።"

እማማ፣ በዚያ አዳራሽ ውስጥ ስለ እርስዎ አንድም ሰው ትንፍሽ አላለም። ልጅዎ አላለም። እኔ አላልኩም። ጠበቃውም እናት እንዳለችው አያውቅም፤ ደንግጦ ፋይሉን ማገላበጥ ጀመረ። ልጅዎ እንደ ሕፃን ልጅ አፉን ከፍቶ ዳኛዋን አየ። እሷ ግን እሱን አላየችውም፤ ካልሲውን አጣጥፋ፣ አንዱን በአንዱ ውስጥ ከትታ፣ እኛ ቤት ውስጥ እንደምናደርገው አድርጋ ለጸሐፊው ሰጠችው። "ኪኒኑ ይቆይ። ካልሲው የተከለከለ ዕቃ ስላልሆነ ይመለስለት" አለች። ዐቃቤ ሕጉ ሊቃወም ብድግ ብሎ ነበር። ካልሲውን አየ፤ ልጅዎን አየ፤ ተመልሶ ተቀመጠ። ከዚያ ሌላ መዝገብ ተጠራ፤ ዳኛዋም ምንም እንዳልተፈጠረ "ዋስ ማን ነው?" ማለቷን ቀጠለች።

እንዴት ያለች ሴት ናት! ሕጉን አንዲት ፊደል ሳታጎድል፣ ማንንም ሳታዋርድ፣ ሚስጥራችንን እዚያው ፊታችን አንስታ አይታ መልሳ ሸፈነችልን። እኔ እንኳን እሷን ላመሰግን፣ እጅ ነስቼ መውጣቴንም አላስታውስም። የካባዋን ትከሻ በነፃ ባስተካክልላት እንዴት ደስ ባለኝ፤ ጠበቃውን ብጠይቀው "እንዳትሞክሪው፣ ጉቦ ይባላል" አለኝ።

ነገሩ ግን በዚህ አላለቀም፤ ልዋሽዎ አልፈልግም፣ ቤቱ ውስጥ አንድ ውሸታም ይበቃናል። ክሱ ይቀጥላል። ጠበቃው "ኪኒኑ ለማን እንደሆነ ሐኪም ቢመሰክር ጉዳዩ በጣም ይቀልለታል" ይላል። ልጅዎ "አይሆንም" ይላል። እዚህ ያለ አንድ ሐኪም የምርመራ ወረቀቱን ይዞ አስቀድሞ ጠይቆ ነበርና "በሽተኛዋ ራሷ መጥታ ልያት፤ ሳላይ አላዝም" ብሎታል። እሱም ራሷ ከመጣች ትሰማለች ብሎ ነው ኪኒኑን ከጎዳና የገዛው። እኔ ምንም አልተናገርኩም። እርስዎ መምህር ነዎት፤ የቀረውን ራስዎ ይሙሉት።

አንድ ነገር ብቻ ልበልዎ። ባለፈው እኔ ለብቻዬ የእግርዎን ልክ ልወስድ የመጣሁ ጊዜ፣ ልሰናበትዎ ስል እጄን ይዘው አልለቅም ብለው "ተረቱን ታገሺው፤ አደራ" ብለውኛል። አብረን ስንኖር አንድም ቀን አደራ ብለውኝ አያውቁም። ከተለያየን በኋላ፣ እኔ ምኑ ሆኜ ነው አደራ የሚሉኝ እያልኩ መንገዱን ሙሉ ግራ ሲገባኝ ነበር። ችሎቱ ውስጥ ቆሜ ገባኝ። እሱ ከእርስዎ ይደብቃል፤ እርስዎም ከእሱ ይደብቃሉ፤ ሁለታችሁም ለሌላው እያላችሁ ነው። የልጅዎ ዝምታ ከየት እንደመጣ አሁን አውቄያለሁ፤ ተረቱ ነው ከየት እንደመጣ ያልገባኝ።

ቤት ከገባን ወዲህ ተረት አቁሟል። "እስቲ አንድ ነገር አውራኝ" ብዬ ለመንኩት፣ እኔ! "ምንም የለም" አለኝ፤ ይሄ ከእስሩ በላይ አስፈራኝ። ዛሬ ጠዋት ግን ሳልናገረው ተነስቶ ፍሪጁን መፍታት ጀመረ። "ምን ታየህ?" ስለው "እማዬ ውሃ ካልቀዘቀዘ አትወድም" አለኝ። እርስዎ እዚህ እንደሚመጡ እኔም አልነገርኩት፣ እሱም አልነገረኝም። የስፌት ቤቱን የጓሮ ክፍል ግን አጽድቼዋለሁ፤ ጨርቁን ሁሉ አውጥቼ አልጋውን መስኮቱ ሥር አድርጌዋለሁ፤ ጠዋት ጠዋት ፀሐይ ይገባበታል። ሐኪም ቤቱም ከእኛ ሩቅ አይደለም። የሚገባውን መድኃኒት በወጉ፣ በማዘዣ፣ አንገታችንን ቀና አድርገን እንወስዳለን።

የዚህ ወር እሁድ አብረን እንመጣለን፤ ዳኛዋ ፈቅዳለታለች። ከዚያ በፊት ልጅዎ "የአጥንት ቫይታሚን" እያለ የሚሰጥዎ ካለቀ ይንገሩኝ፤ ሌሊቱ ከበረታብዎ ጎረቤትዎን አያፍሯት፣ ይቀስቅሷት፤ ወሬኛ ብትሆንም ፈጥና ትደርሳለች። እሱ ሲመጣ የሆቴሉን ታሪክ ሊጀምርልዎ ይችላል። ያስጨርሱት፤ ሚስትየዋ እስክትወልድ ድረስ ይስሙት። ከዚያ በኋላ ግን እባክዎ እርስዎ ይጀምሩለት። እሱ አይጀምርም። እናቱ ካልነገረችው ማንም አፉን አያስከፍተውም፤ ዳኛዋም አልቻለችም።

ካልሲውን በለብ ያለ ውሃ አጥቤ ጥላ ላይ አስጥቼዋለሁ። ይዞልዎት ይመጣል። ቀርቶ የሚያውቀው አንዴ ብቻ ነው፣ እሱም በካቴና። እርስዎም አደራ፣ እስከዚያ እንዳይቀሩብን።

ፈጣሪ ሌሊቱን ያሳጥርልዎ፣ እግርዎን ያሙቅልዎ፤ ከልጅዎ ጋር በጤና ያገናኘን።

ልጅዎ፣
የልጅዎ ዋስ